ማስተካከያ፦ ቶሚዬ በእጇ የምትገድል መንፈስ አይደለችም

ስለ ጃፓናዊው ደራሲና ሠዓሊ ጁንጂ ኢቶ አስፈሪ ማንጋ (የጃፓን የሥዕል ታሪክ) «ቶሚዬ» ቀደም ሲል ስንጽፍ፣ ባለታሪኳን ወንዶችን በትዳር ተስፋ አጥምዳ የምትገድል መንፈስ ብለናት ነበር። ተሳስተናል፤ ይቅርታ እንጠይቃለን።

ቶሚዬ አብዛኛውን ጊዜ ተገዳይዋ ራሷ ናት። በውበቷ ታማልላለች፤ እንደ ካቪያር (ለምግብ የሚቀርብ የዓሣ እንቁላል) ያለ ውድ ነገር አምጣ ትላለች፤ አፍቃሪዋ ሲንበረከክ ትንቀዋለች፣ በሌላ ወንድም ታስቀናዋለች። ቅናት ያሳበደው ሰው ገድሎ ይቆራርጣታል፤ ከቁራጮቹም ሌሎች ቶሚዬዎች ያድጋሉ። እንግዲህ መንፈስ ሳትሆን ሥጋ ናት፤ የታሪኩ ዘግናኝነትም ከዚሁ ይመነጫል። ስህተታችንን ቀላል የማናደርገው፣ ቢላዋ የያዙትን ወንዶች ተጠቂ ብቻ አድርጎ ስላቀረበ ነው።

ታሪኩ መታተም የጀመረው በ1987 እ.ኤ.አ. «ሃሎዊን» በተባለው የጃፓን ወርሃዊ መጽሔት ነው።