ደብረ ብርሃንን የሚቀርጽ ካሜራ ወዴት ይመልከት?

ስለ ታሪካዊ ከተሞቻችን የሚሠሩ ዘጋቢ ፊልሞች በአብዛኛው አንድ ዓይነት አጀማመር አላቸው፤ ከአየር ላይ የተነሣ ምስል፣ በበገና የታጀበ ትረካ፣ ቀጥሎም የነገሥታት ስም። ጎንደር ግንቡ፣ ላሊበላ ውቅር አብያተ ክርስቲያናቱ ስላሏቸው ይህ አካሄድ እምብዛም አይጎዳቸውም። ለደብረ ብርሃን ግን አይሆንም። ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ከሰማይ ብርሃን ታየበት በተባለው በዚህ ስፍራ ቤተ ክርስቲያንና ቤተ መንግሥት አሠርተው የመጨረሻ የንግሥና ዓመታታቸውን አብዛኛውን ክፍል ቢያሳልፉበትም፣ ያ ቤተ መንግሥት ዛሬ ቆሞ አይታይም። ስለዚህ ፍርስራሽ ፍለጋ የመጣ ካሜራ ባዶውን ይመለሳል። እኔ እንደማምነው የዚህች ከተማ ታሪክ የሚገኘው በሰዉ የዕለት ሥራ ውስጥ ነው።

ደብረ ብርሃን ከባሕር ወለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ የምትገኝ ደገኛ ከተማ ናት፤ ኅዳርና ታኅሣሥ ላይ ሣሩ ውርጭ ለብሶ ያድራል። የሰሜን ሸዋን ሰው አኗኗር የቀረጸው ይህ ብርድ ነው። የመንዝ በግ ፀጉሩ የሚፈተለው፣ ባናውና በርኖሱ የሚሠራው ለዚሁ ነው። አንዲት እናት ደጃፏ ላይ ፀሐይ እየሞቀች ስትፈትል ማየት ነው፦ በግራ እጇ ፀጉሩን እያሳሳች ትስባለች፣ በቀኟ እንዝርቱን ታሾራለች፣ ክሩ ሲረዝም ትጠቀልለዋለች፣ ደግሞ ትስባለች፤ ጎረቤቷን ስታነጋግርም እጇ አያርፍም። ካሜራው ያለ ተራኪ፣ ያለ ዜማ እዚያ ላይ ረዘም ላለ ጊዜ ይቆይ። በ1957 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው የከተማዋ የብርድ ልብስ ፋብሪካም የሚገባን ይህን እጅ ካየን በኋላ ነው።

የምፈራው ግን አለ። ማለዳ ከየቤቱ የሚወጣው የኩበት ጭስ በምስል እጅግ ያምራል፤ እሳቱን እፍ ለምትለው ሴት ግን ዓይን የሚያቃጥል፣ ደረት የሚያፍን ጭስ ነው። ውበቱን ብቻ ይዞ የሚሄድ ፊልም ሠሪ፣ ቅኔ ጻፍሁ ቢልም፣ እሷን አላያትም። በቅርብ ዓመታት ከቀያቸው ተፈናቅለው በከተማዋ የተጠለሉትም ከምስሉ ውጭ ሊቀሩ አይገባም፤ የዛሬዋ ደብረ ብርሃን የእነሱም መኖሪያ ናትና።

እንዲህ ያለ ፊልም ሲሠራ የተቀረጹት ሰዎች ፈቃድ አስቀድሞ ይጠየቅ፣ ከፈቀዱም ስማቸው ከባለሙያዎቹ ስም ጋር ይጻፍ። የመጀመሪያው ዕይታም አዲስ አበባ ላይ ለተጠሩ እንግዶች ሳይሆን እዚያው ደብረ ብርሃን ውስጥ ለእነሱ ይሁን፤ የተዛባ ነገር ቢኖር ለማረም ከእነሱ የሚቀድም የለም።