የፍሎሪዳ ኮራል ከሆንዱራስ ዘር ጋር ይዳቀል?

ነገሩ አራት ኪሎ፣ ማኪያቶ ላይ ነው የተጀመረው። አንዷ የባዮሎጂ መምህርት ናቸው። ሌላው ባሌ ላይ በቀይ ቀበሮ ጥበቃ የሠሩ ባለሙያ ናቸው። ያጋጫቸው ኤልክሆርን የሚባለው፣ የመጥፋት አፋፍ ላይ የደረሰው የካሪቢያን ድንጋያማ ኮራል ነው። በቃል አልጨረሱትምና በጽሑፍ ቀጠሉት። (ዓመቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

መምህርቷ (ደጋፊ)

ክፍሌ ውስጥ አንድ የደረቀ የኮራል ቁራጭ አለ። ባሕር አይተው የማያውቁ የአራት ኪሎ ልጆች መጀመሪያ ድንጋይ ነው ይሉኛል። ጠጋ ብለው ሲያዩት በመርፌ የተወጋ የሚመስል ቀዳዳ ሞልቶታል። እያንዳንዱ ቀዳዳ የአንዲት ሚጢጢ እንስሳ ቤት ነበር።

ኤልክሆርንም እንዲህ ነው የሚሠራው። እንስሳቱ ተባብረው ከኖራ ይገነቡታል። ቅርንጫፉ እንደ አጋዘን ቀንድ ይዘረጋል። ዓሣ ይጠለልበታል፤ ማዕበል ይሰብራል። ከ1970ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ በሽታ ፈጀው። አሜሪካ በ2006 የሕግ ከለላ ሰጠችው። ከዚያ 2023 መጣ። የፍሎሪዳ ባሕር ለሳምንታት ከ31 ዲግሪ በላይ ሞቀ። ኮራሉን የሚመግበው አልጌ ከሰውነቱ ወጣ። ነጣ፣ ከዚያ ሞተ። በፍሎሪዳ ኪስ ደሴቶች ዙሪያ ከነበረው ከመቶ 97 በላይ የሚሆነው አለቀ።

የተረፈው በምን ይራባል? እንቁላሉን የሚለቀው በዓመት አንዴ፣ ኦገስት አካባቢ ጨረቃ ሞልታ ጥቂት ሌሊቶች ሲያልፉ ነው። እንቁላልና የወንድ ዘር የያዙ ትንንሽ ጥቅሎች ወደ ውሃው ገጽ ይወጣሉ። በቅርብ ሌላ ኮራል ከሌለ ሁሉም ከንቱ ይቀራል። ለዚህ ነው ተመራማሪዎች የፍሎሪዳውን በሆንዱራስ ቴላ ወሽመጥ፣ ሙቅና ድፍርስ ውሃ ችሎ ከሚኖረው ኤልክሆርን ጋር ያዳቀሉት። ልጆቹ በጁላይ 2025 ማያሚ አጠገብ ተተከሉ። እሰየው ነው የምለው።

ባለሙያው (ተቃዋሚ)

መምህርት፣ ሐዘንዎ ይገባኛል። እሰየው ለማለት ግን አልቸኩልም። ባሌ፣ ወብ ሸለቆ ውስጥ ቀይ ቀበሮ ከውሻ ጋር ተዳቅሎ ዲቃላ ተወልዷል። በዓለም ላይ የቀሩት አዋቂ ቀይ ቀበሮዎች 500 አይሞሉም። ዘር አንዴ ከተቀላቀለ ማን መልሶ ይለየዋል?

ከሁሉም በላይ የሚያሳስበኝ ግን ብርዱ ነው። ሁሉም ሰው ስለ ሙቀት ያወራል። በጃንዋሪ 2010 ፍሎሪዳ ላይ የወረደው ብርድ ጥልቀት በሌለው ውሃ የነበረውን ኮራል ረፍርፎታል። ቴላ እንዲህ ያለ ብርድ የት ያውቃል? የፍሎሪዳው ኮራል ግን ብርዱንም ለምዶት ኖሯል። ሙቀት ይችላል ብለን ያመጣነው ዘር በአንድ ጃንዋሪ ቢያልቅስ? ደግሞም ባሕሩን የሚያሞቀው ጭስ አልቆመም። እሳቱ ሳይጠፋ ጎጆ መቀለስ ይሆንብኛል።

መምህርቷ

ወንድሜ፣ የቀበሮው ምሳሌ እዚህ አይሠራም። ቀይ ቀበሮና ውሻ ሁለት የተለያዩ ዝርያዎች ናቸው። የቴላውም የፍሎሪዳውም ያው ኤልክሆርን ነው። ከዚህ ይልቅ የራሳችንን ገብስ ያስቡ። ካሊፎርኒያ ውስጥ ገብስን የሚያቀጭጨውን ቫይረስ የተቋቋሙት ከኢትዮጵያ ገብስ በተገኘ ዘረ መል ነው። የካሊፎርኒያ ገብስ በዚህ ገብስነቱን አላጣም።

የብርዱ ጥያቄ ግን ከባድ ነው። አንዱ ወላጅ የፍሎሪዳ ስለሆነ ልጆቹ ብርድ መቻልን ከእሱ ሊወርሱ ይችላሉ። ይወርሳሉ አላልኩም።

ባለሙያው

ገብሱን ተቀብያለሁ። ገብስ ግን ቢበላሽ ለከርሞ ሌላ ይዘራል። ኮራል አድጎ ለመራባት ዓመታት ይፈልጋል። ስለዚህ ጥቂት የጃንዋሪ ብርዶች እስኪያልፉ ከማያሚ ውጭ አይስፋፋ። የፍሎሪዳው ንጹሕ ዘርም ተመራማሪዎች ኮራል በሚያቆዩባቸው የብስ ላይ ገንዳዎች ይጠበቅ።

መምህርቷ

ገንዳው ይቀጥል፤ በዚህ አንጣላም። መጠበቁን ግን አልቀበልም። ገንዳ ውስጥ ያለ ኮራል ማዕበል አይሰብርም፤ ዓሣ አያስጠልልም። መራቢያው በዓመት አንዴ ከሆነ አምስት ዓመት መጠበቅ አምስት መራቢያ ማሳለፍ ነው። ኪስ ደሴቶች ላይም ይተከል። በአንዱ ሪፍ (ኮራል በሠራው የባሕር ውስጥ ክምር) የተዳቀለው፣ በሌላው ንጹሑ ይሁን። ቀጣዩ ብርድ ሲመጣ የትኛው እንደቆመ ቆጥረን እንከራከራለን።