አላዲንና አሊባባ በጥንታዊው የዐረብኛ ቅጂ የሉም

ወንድሜ፣ «አላዲንና አሊባባ ከጥንት ጀምሮ በሺህ አንድ ሌሊት ውስጥ የነበሩ የባግዳድ ተረቶች ናቸው» ብለሃል። ብዙዎቻችን ይህን እየሰማን ነው ያደግነው፤ ሆኖም ትክክል አይደለም።

ፈረንሳዊው አንትዋን ጋላን የዚህን የዐረብኛ ተረቶች ስብስብ ትርጉም እ.ኤ.አ. በ1704 ማሳተም ሲጀምር የተጠቀመበት የሶሪያ የእጅ ጽሑፍ ዛሬም በፓሪስ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ይገኛል። የያዘው 282 ሌሊት ገደማ ነው፤ አላዲንም አሊባባም የሉበትም። ጋላን ሁለቱን ተረቶች የሰማው በ1709 ፓሪስ ላይ ሐና ዲያብ ከተባለ የሶሪያዋ ከተማ የሐለብ ልጅ፣ ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ ከነበረ ማሮናዊ (የምሥራቅ ካቶሊክ) ክርስቲያን አንደበት ነው። ጋላን በዕለት ማስታወሻው ስሙን ጽፎታል፤ በታተመው መጽሐፍ ላይ ግን አልጠቀሰውም። ይህ እስከ ዛሬ ያሳዝነኛል።

ደግሞም የአላዲን ታሪክ የሚጀምረው ባግዳድ ሳይሆን በአንዲት የቻይና ከተማ ነው፤ አላዲንም የልብስ ሰፊ ልጅ ነው።

«የመርከበኛው ሲንድባድ ታሪክም ከጥንት የሌሊቶቹ ክፍል የሆነ የዐረብ ተረት ነው» ያልከው ግን በከፊል ልክ ነው። የሰባቱ የባሕር ጉዞዎች ታሪክ በእርግጥም በዐረብኛ የተጻፈ ነው። ነገር ግን ለብቻው ሲዘዋወር የኖረ ሲሆን፣ ከሌሊቶቹ ጋር ያቀላቀለው ጋላን ራሱ ነው።

ሐና ዲያብ በስተርጅናው የጻፈው የጉዞ ትዝታ በቫቲካን ቤተ መጻሕፍት ተገኝቷል። የቬርሳይን ቤተ መንግሥት ማየቱን በሰፊው ይተርካል። ስለ ተረቶቹ ግን የሚናገረው ጥቂት ነው፤ አንድ ሽማግሌ መጽሐፉ ጎድሎበት ስለነበር ዲያብ ራሱ የሚያውቃቸውን ተረቶች ለሽማግሌው እንደነገረው ብቻ።