የኦናሲስ መርከብና የኮምቦልቻው ኤንትሬ

«ውጭ ቢሆን ኖሮ እንዲህ ተበላሽቶ አይቀርም ነበር!» ኮምቦልቻ በመጣሁ ቁጥር ይህን የሚለኝ አላጣም። ብዙውን ጊዜ የሚያሳዩኝ መሥሪያ ቤት ግቢ ውስጥ ጎማቸው ተንፍሶ ሣር የበቀለባቸውን መኪኖች ነው። ግሪክ ነውና የምኖረው፣ መልሴ የአንዲት መርከብ ታሪክ ነው።

«ክርስቲና» ትባላለች፤ የሀብታም መዝናኛ። ስትሠራ ግን የጦር መርከብ ነበረች። እ.ኤ.አ. በ1943 ካናዳ ውስጥ «ስቶርሞንት» ተብላ ባሕር ገባች። የጭነት መርከቦችን ከጀርመን ሰርጓጆች ስትጠብቅ ቆየች። ኖርማንዲም ዘምታለች። ጦርነቱ ሲያልቅ የቁራሌ ዕጣ ደረሳት። በ1954 ግሪካዊው የመርከብ ከበርቴ አርስቶትል ኦናሲስ በ34 ሺህ ዶላር ገዛት። ከዚያ ጀርመን ወስዶ 4 ሚሊዮን ዶላር አፈሰሰባትና በልጁ ስም ጠራት።

ምን አደረገባት መሰላችሁ? የመዋኛ ገንዳዋ ወለል ሞዛይክ ነው። ሲፈለግ ከፍ ይልና መደነሻ ይሆናል። እነቸርችል ተንሸራሽረውባታል። የባሯ ወንበሮች ደግሞ በዓሣ ነባሪ ብልት ቆዳ ተለብጠዋል። ይህን የነገርኳቸው ሽማግሌ መካኒክ «አስተግፊሩላህ! ሌላ ቆዳ ጠፍቶ ነው?» አሉ።

ኦናሲስ በ1975 ሞተ። ልጁ ክርስቲና በ1978 መርከቧን ለግሪክ መንግሥት ሰጠች። «አርጎ» ተባለች፤ ለፕሬዝዳንቱ መገልገያ እንድትሆን ታሰበ። ከዚያስ? ቆመች፣ ዛገች። ሃያ ዓመት ገደማ! ያውም ባለመርከብ በሞላበት አገር። የመንግሥት ንብረት እዚያም እንደኛው ነው፤ የሁሉም ነው ሲባል የማንም ይሆናል። በ1998 አንድ ግሪካዊ ነጋዴ ገዝቶ ክሮኤሺያ ውስጥ አሳደሳትና ዛሬ ለሀብታሞች ትከራያለች።

እኚያ መካኒክ ጋራዥ ውስጥ ደግሞ አንድ ፊያት ኤንትሬ የጭነት መኪና ቆሟል። ድሮ በአሰብ መስመር ይሠራ ነበር፤ አሁን አሸዋ ጭኖ የሐረጎን ዳገት ይወጣል። ባሌስትራው ተበይዷል፣ ካምቢዮው ከሌላ መኪና የመጣ ነው። 4 ሚሊዮን ዶላር የሚያፈስበት የለም። ግን ካልሠራ ባለቤቱ ጦሙን ያድራል፤ ስለዚህ ይሠራል።

እውነቱን ለመናገር ፈረንጆቹን የምቀናባቸው በሌላ ነገር ነው። መርከቧን ማን ሠራት፣ ማን ገዛት፣ በስንት፣ የት ታደሰች፣ ሁሉም ተጽፏል። የኤንትሬው ሊብሬ ላይ ግን ያለው የሻንሲና የሞተር ቁጥር፣ የባለቤት ስም፣ በቃ። ሞተሩ መቼ እንደወረደ፣ የትኛው ሾፌር ስንት ዓመት እንደነዳው ሽማግሌው በቃላቸው ነው የሚያውቁት።

«ጋሼ፣ ይኼ እኮ መጻፍ አለበት» አልኳቸው።

እጃቸውን በጨርቅ እየጠረጉ «ከሾፌሮቹ ሁለቱ ደሴ አሉ፤ ሂድና አንተ ጻፈው» አሉኝ።