የሬይመንድ ግሪፊዝ ሹክሹክታና የ1929 ማይክሮፎን

ሬይመንድ ግሪፊዝን ዛሬ የሚያስታውሰው ጥቂት ሰው ነው። በ1920ዎቹ አጋማሽ (ዓመቶቹ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው) ለፓራማውንት የፊልም ስቱዲዮ የሚሠራ፣ ረጅም ጥቁር ባርኔጣ ያደረገ ኮሜዲያን ነበር። ከልጅነቱ ጀምሮ ድምፁ ስለተዘጋ ከሹክሹክታ በላይ መናገር አይችልም። ድምፅ ያለው ፊልም ሲመጣ ትወናው አበቃ፤ ጸሐፊዎችም ጥፋቱን በጉሮሮው ላይ ጥለው ያልፋሉ። እኔ ግን የስቱዲዮው ዕቃም መከሰስ ነበረበት እላለሁ።

የያኔው ማይክሮፎን ከየአቅጣጫው ያለውን ድምፅ ሁሉ ይለቅማል። የካርቦን መብራቶች ስለሚያፏጩ በአምፖል መተካት ነበረባቸው። ካሜራውም ስለሚንጫጫ ከነባለሙያው በታፈነ ሣጥን ውስጥ ተዘጋበት። ድምፁ የሚቀረጽበት ሸክላም ሆነ በፊልሙ ላይ የሚታተመው የድምፅ መስመር የራሱ ሽሽታ («ሽሽሽ» የሚል ድምፅ) ነበረው። ሹክሹክታን ለማጉላት መቆጣጠሪያውን ከፍ ሲያደርጉ ሽሽታው አብሮ ይጎላል። መፍትሔው ወይ መጮህ፣ ወይ አበባ ማስቀመጫ ውስጥ ወደተደበቀው ማይክሮፎን መጠጋት ነው። ግሪፊዝ መጮህ አይችልም። ቀልዱ ደግሞ በእግሩ፣ በትከሻውና በአካሄዱ ላይ ስለሆነ፣ አንድ ቦታ ቆሞ ያስቅ ማለት የማይሆን ነገር ነው።

ፍጥነቱም አለ። ድምፅ አልባው ፊልም ብዙ ጊዜ በእጅ እየተዘወረ ይቀረጽና ሲታይ ፈጠን ይደረግ ነበር፤ ኮሜዲያኖች እርምጃቸውን የሚለኩት በዚያ ነው። ድምፅ ሲገባ ቀረጻውም ዕይታውም በሰከንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ላይ ተቸነከረ። በቫይታፎን አሠራር ደግሞ ድምፁ 11 ደቂቃ ያህል በሚይዝ ሸክላ ላይ ስለሚቀረጽ፣ የረዘመችን ዝምታ በመቀስ ማሳጠር አይቻልም። ለኮሜዲ ከዚህ የባሰ ምን አለ?

ግሪፊዝ በ1929 ሁለት አጫጭር የድምፅ ኮሜዲዎች ሞከረ። በ1930 በዳይሬክተሩ ሉዊስ ማይልስቶን «ኦል ኳየት ኦን ዘ ዌስተርን ፍሮንት» የጦርነት ፊልም ውስጥ፣ መድፍ በቆፈረው ጉድጓድ ተወግቶ ቀስ በቀስ የሚሞተውን ፈረንሳዊ ወታደር ሆነ። አንድ ቃል አይናገርም፤ የወጋው ጀርመናዊ ወጣት ሲለምነው በዓይኑ ብቻ ያየዋል። በእኔ ግምት ከፊልሙ ትዕይንቶች ሁሉ የሚበልጠው ይህ ነው።

ከ1930 በኋላ ሽሽታውን የሚቀንስ የቀረጻ ዘዴ ስቱዲዮዎቹ ዘንድ ገባ። ግሪፊዝ ግን ያኔ ወደ ፊልም አምራቹ ዳሪል ዛኑክ ቢሮ ተሻግሮ፣ ሌሎች የሚናገሩባቸውን ፊልሞች ያመርት ነበር።