ማስተካከያ፦ ስለ ኤሊዛቬታ ስቪሎቫ
ቀደም ሲል ባቀረብነው ጽሑፍ ኤሊዛቬታ ስቪሎቫን የሶቪየቱ የዘጋቢ ፊልም ባለሙያ የዚጋ ቬርቶቭ ባለቤትና ረዳት ብቻ አድርገን መግለጻችን ስሕተት በመሆኑ አንባቢዎቻችንን ይቅርታ እንጠይቃለን። ስቪሎቫ እ.ኤ.አ. በ1929 ለእይታ የበቃውን «ካሜራ የያዘው ሰው» የተሰኘውን ፊልም ያቀናበሩ ሲሆን፣ በዚያው ፊልም ውስጥ በመደርደሪያ ተለይተው ከተቀመጡት ጥቅልሎች አጠገብ፣ የፊልሙን ቁራጭ በብርሃን እየመረመሩ በመቀስ ሲቆርጡ ይታያሉ፤ ይህን ያየ ሰው «ረዳት» የሚለው ቃል ምን ያህል እንደሚያንሳቸው ይገነዘባል። ቬርቶቭ በ1954 ካረፉ በኋላም ስቪሎቫ ራሳቸው እስካረፉበት እስከ 1975 ድረስ የባለቤታቸውን ጽሑፎችና ሰነዶች ሰብስበው በማደራጀት ከመጥፋት ታድገዋል፤ ሰነዶቹም ዛሬ በሞስኮና በቪየና ቤተ መዛግብት ይገኛሉ።