የራሷ አለቃ አይደለችም

ስዊድን እ.ኤ.አ. ከጁላይ 1 ቀን 2025 ጀምሮ በካሜራ ፊት በትእዛዝ የሚፈጸም ወሲባዊ ድርጊትን መግዛት ወንጀል አድርጋለች። ሕጉን ለመቃወም ከተነሡት ክርክሮች ሁሉ ደሜን ያፈላው አንዱ ነው፦ «እነዚህ ሴቶች የራሳቸው አለቃ ናቸው፤ ለምን እንጀራቸውን ትነጥቃላችሁ?»

የራሳቸው አለቃ? አቅራቢዎች በአብዛኛው ወሲባዊ ምስልና ቪዲዮ ለደንበኞች በክፍያ የሚያቀርቡበት የኢንተርኔት መድረክ፣ የኦንሊፋንስ የ2024 የሒሳብ ሪፖርት ይመስክር። ደንበኞች በዓመቱ 7.2 ቢሊዮን ዶላር ከፈሉ። ኩባንያው ከመቶው ሃያውን ቆረጠ። የቀረው ለ4.6 ሚሊዮን የአቅራቢዎች አካውንት ቢካፈል በአማካይ በወር 100 ዶላር ገደማ ነው፤ ታዋቂዎቹ የአንበሳውን ድርሻ ስለሚወስዱ የብዙኃኑ ከዚህም ያንሳል። ቋሚ ሠራተኞቹ ሃምሳ የማይሞሉት ይህ ኩባንያ ለባለቤቱ በዚያው ዓመት 701 ሚሊዮን ዶላር የትርፍ ድርሻ ከፍሏል። ለአንድ ሰው!

ገበሬ ዋጋው ካልጣመው እህሉን ጭኖ ሌላ ገበያ ይሄዳል። ልብስ ሰፊ ከአከራዩ ጋር ካልተስማማ መኪናውን ተሸክሞ ሰፈር ይቀይራል፤ ደንበኞቹም ይከተሉታል። በኦንሊፋንስ የምትሠራዋ ሴት ግን አካውንቷ የተዘጋ ዕለት ደንበኞቿ ከኩባንያው ጋር ይቀራሉ፣ ምስሏ ከእጅ ወደ እጅ መዞሩን ይቀጥላል፣ እሷ ባዶ እጇን ትወጣለች። የሕመም ፈቃድ የላትም፤ የወሊድ ፈቃድም ጡረታም የላትም። በኦገስት 2021 ኩባንያው የባንኮችን ጫና ምክንያት አድርጎ ግልጽ ወሲባዊ ምስል እንደሚያግድ አስታወቀ፤ ሳምንት ሳይሞላ ሐሳቡን ቀየረ። ኑሯቸው በዚህ ላይ የቆመ ስንቶች ሴቶች ዕጣቸውን እንደ ማንኛችንም ከዜና ሰሙ! ከሥራው መባረሩን ከዜና የሚሰማ አለቃ የት ታይቷል?

ከሥሯም ሌላ የጉልበት ሰንሰለት አለ። ደንበኛው ከእሷ ጋር የሚጻጻፍ ሲመስለው፣ አንዳንዴ መልሱን የሚጽፍለት ወኪል ድርጅት የቀጠረው ፊሊፒንስ ያለ ወጣት ነው፤ በስሟ «ናፍቀኸኛል» እያለ ለሰዓት ጥቂት ዶላር ያገኛል። ይህን ሁሉ «ነጻ ሥራ» ብሎ መጥራት ለባለሀብቱ ጥብቅና መቆም ነው።

ሕጉ ጉድለት የለበትም አልልም። ቀድሞ የተቀረጸውን ቪዲዮ አይነካም፤ ስለዚህ ስቶክሆልም የተቀመጠ ደንበኛ ነገም በወርኃዊ ክፍያ ይመለከታል፣ ከመቶው ሃያውም ነገም ይቆረጣል። ከሕጉ ጋር ጠብ ካለኝ በዚህ ነው።